የአክስቴ አቤቱታ

አክስቴ ሁለት ቋንቋ ትናገር ነበር፤ ከቤተሰቧ ጋር ኦሮምኛ፣ ከገበያና ከቤተ ክርስቲያን ሰው ጋር አማርኛ። «ሁለት ቋንቋ በአፌ አለ፤ አንዱንም በዓይኔ አላየሁትም» ትል ነበር። እኔን ትምህርት ቤት ያስገባችኝ እሷ ናት። የአባቴ ታላቅ እህት ስለነበረች አባቴ ቃሏን ለመተላለፍ አይደፍርም ነበር።

ጊዜው የአርባዎቹ መጨረሻ ነው። የእኛ ቤት ከየካ ሚካኤል ቤተ ክርስቲያን ዝቅ ብሎ ነበር። የአክስቴ ደግሞ ከቤተ ክርስቲያኑ በላይ፣ ወደ እንጦጦ የሚወጣው ዳገት ወገብ ላይ፣ በባሕር ዛፍ መሀል ነበር። ፊደል የቆጠርኩት በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ካስተማሩን አንድ አረጋዊ ቄስ ዘንድ ነው። ከእኔ ጋር የጀመሩት ወንዶች ዳዊት ሊደግሙ ሲቀጥሉ ለእኔ ግን በቃሽ ተባለ። አክስቴ ይህን እንደሰማች ወረደች። ቤት አልገባም ብላ ደጃፍ ላይ ቁጭ አለች።

«ልጅቷ ፊደሉን ጨረሰች አሉኝ» አለችው አባቴን።

«ጨርሳለች። ከእንግዲህ እናቷን ታግዝ።»

«እናቷን እኔ አግዛለሁ።»

አባቴ ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። ከዚያ ቀን ጀምሮ በየቅዳሜው አንድ ሸክም ማገዶ ተሸክማ እየወረደች ከእናቴ ደጅ ትጥል ነበር፤ አንድም ቅዳሜ አላጓደለችም። እናቴም ልጅቷን ለማገዶ እፈልጋታለሁ የምትልበት ምክንያት አጣች። እኔም የመንግሥት ትምህርት ቤት ገባሁ። ትምህርት ቤቱ በቀበና በኩል ስለነበር ጠዋት ጠዋት ቁልቁል እየሮጥኩ እሄዳለሁ፤ ማታ ዳገቱን ስመለስ እግሬ ይዝላል። ክረምት ወንዙ ሲሞላ ማዶ ቆሜ የምቀርበት ቀንም ነበር። በክፍላችን ሴቶች ሰባት ነበርን። ስድስተኛ ክፍል ስንደርስ ሦስት ቀረን፤ አራቱ ተድረው ነው።

የአክስቴ ባል በሰፈሩ የተከበረ ሰው ነበር። ሃያ ዓመት ያህል አብረው ሲኖሩ ልጅ አልወለዱም። ሰው ሁሉ መካኗ እሷ ናት ብሎ ፈርዷል፤ እሱን የጠረጠረ አልነበረም። እኔ ስድስተኛ ክፍል በገባሁበት ዓመት ሌላ ሚስት እየፈለገ ነው የሚል ወሬ መጣ። በመካከላቸው ጠብ በረታ፤ ሦስት ሽማግሌዎችም ለእርቅ ተቀመጡ።

እርቁ የተደረገው አንድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ በአክስቴ ግቢ ነው። አግዳሚ ወንበር እንዳወጣና ለሽማግሌዎቹ የሚጠጣ እንዳቀርብ ተጠርቼ እኔም ነበርኩ። ባልየው አንድ የተጻፈ ወረቀት ከኪሱ አወጣና ከሦስቱ ሽማግሌዎች አንዱ ለሆኑት ሰጣቸው። እሳቸው የተማሩ ናቸው ይባል ነበር። በወጣትነታቸው በአንድ የመኳንንት ቤት ያገለገሉ፣ መነጽር ያላቸው ሰው ናቸው። መነጽራቸውን አድርገው ድምፃቸውን ከፍ አድርገው አነበቡ።

«ባልና ሚስት የቆየውን ቅሬታ ትተው፣ ተከባብረውና ተፋቅረው በሰላም ለመኖር በሽማግሌዎች ፊት ቃል ገብተዋል።»

«ይሁን፣ ይበጅ» አሉ ሌሎቹ። አክስቴ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። ባልየው የቀለም ሙዳዩን ከፍቶ ወረቀቱን አግዳሚው ላይ ዘረጋ። ነፋስ ነበርና ወረቀቱ ተነሣበት።

«አንቺ፣ ጫፉን ያዢው» አለኝ።

ያዝኩት። ማንበብ እንደምችል የሚያውቅ ይመስለኛል፤ ነገር ግን አነባለሁ ብሎ ያሰበ አይመስለኝም። ዓይኔ ወረቀቱ ላይ አረፈና አነበብኩ። እርቅ የሚል ቃል የለበትም። የሚለው እንዲህ ነበር፤ «ቤቱንና የባሕር ዛፉን ተክል በሙሉ ፈቃዴ ለባሌ ለቅቄ ወደ ወንድሜ ቤት የሄድኩ፣ ወደፊትም ምንም ጥያቄ የማላነሣ መሆኔን በአውራ ጣቴ አሻራ አረጋግጣለሁ።»

ደግሜ አነበብኩት። ቀና ብዬ ያነበቡትን ሽማግሌ አየኋቸው፤ መነጽራቸውን እያጠፉ ነበር። አክስቴ አውራ ጣቷን ቀለሙ ላይ አስነካች። ያን ጊዜ መናገር ነበረብኝ። አልተናገርኩም። አሥራ ሦስት ዓመቴ ነበር። ልጅ፣ ያውም ሴት ልጅ፣ ሽማግሌ በተቀመጠበት አፍ አውጥታ «ያነበባችሁት ውሸት ነው» ስትል አይቼ አላውቅም። ምናልባት የተሳሳትኩት እኔ እሆናለሁ ብዬም አሰብኩ። አክስቴ ጣቷን ከጣቴ አጠገብ ጫነች። እኔ ወረቀቱ እንዳይነሣ አጥብቄ እንደያዝኩ ነበርኩ።

የዚያን ዕለት ለእናቴ ነገርኳት።

«ማን ጠየቀሽ?» አለችኝ። «ሽማግሌ የጨረሰውን ነገር አትነካኪ። ተሳስተሽ ቢሆንስ? ባልና ሚስት አለያየች ብትባዪስ?»

 ሁለት ሳምንት አለፈ። አንድ ጠዋት አክስቴ ልብሷን በአቡጀዴ ጠቅልላ በአንድ እጇ፣ በሌላው አንዲት ዶሮ ይዛ ወረደች። ባሏ ወረቀቱን አሳይቶ፣ በራስሽ ፈቃድ ለቅቀሽ የለም ወይ፣ ሂጂ እንጂ ብሎ አስወጥቷት ነው። አባቴ በቁጣ ዱላውን አንሥቶ ወጣ። ሲመለስ ዱላውን መሬት ለመሬት እየጎተተ ነበር።

«ጣትሽ አለበት» አላት።

«ጣቴ የፈረመው ለእርቅ ነው።»

«ምን ላርግ? ወረቀቱ ያለው እሱ እጅ ነው። ጣቱ ደግሞ ያንቺ ነው።»

አባቴም ማንበብ አይችልም ነበር። እኔ ከምድጃው አጠገብ ቆሜ ስሰማ ቆይቼ አላስችል ሲለኝ፣ «እርቅ የሚል የለበትም፤ አንብቤዋለሁ» አልኩ።

ሁሉም ዞረው አዩኝ። አክስቴ ከእኛ ጋር የምትቀላቅለውን አማርኛ ትታ ወደ ኦሮምኛው ተመለሰች፤ ስትቆጣም ስታዝንም እንዲያ ነበረች።

«መቼ ነው ያነበብሽው?»

«ወረቀቱን ስይዝልሽ።»

«ጣቴን ከማስነካቴ በፊት ወይስ በኋላ?»

«በፊት።»

ጥፊ ጠብቄ ነበር፤ ቢመጣም ይገባኛል ብዬ ነበር። አልመታችኝም። የታሰረችውን ዶሮ እግር እየፈታች ብዙ ቆየች።

«ኢንታላ ኮ» አለችኝ በመጨረሻ፤ ልጄ ማለቷ ነው። «አንብቦ ዝም ማለት እንደምትችዪ አወቅን። መጻፍስ ትችያለሽ?»

«አቤቱታ ጽፌ አላውቅም» አልኳት። በማግስቱ ትምህርት ቤት ቀርቼ ከእሷ ጋር ወደ ፍርድ ቤቱ ወረድን። ከፍርድ ቤቱ ደጅ ራፖር ጸሐፊዎች፣ ማለትም ለባለ ጉዳይ ማመልከቻ የሚጽፉ ሰዎች፣ ትንንሽ ጠረጴዛቸውን ዘርግተው በዛፍ ጥላ ይቀመጣሉ። የመጀመሪያው ሰውዬ የአክስቴንና የባሏን ስም ሲሰማ ብዕሩን አስቀመጠ።

«የባልሽን ወረቀት የጻፍኩት እኔ ነኝ። ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም።»

«እኔ እንዲህ ብዬሃለሁ እንዴ? አይተኸኝ ታውቃለህ?» አለችው።

«ባልሽ ነው የነገረኝ» አለ፤ ምንም ሳያፍር። አጠገቡ ያለው ደግሞ የባልደረባዬን ሥራ አላፈርስም አለን። አንድ ሦስተኛ ነበር፤ እሱ ደግሞ፣ «እናቴ፣ ሴት ከባሏ ተካስሳ የት ትደርሳለች? ታረቂ» ብሎ መክሮ ሰደደን።

አማርኛ የሚያስተምሩን መምህር ቁጡ ሰው ነበሩ። ደብዳቤ አጻጻፍ ያስተማሩን እሳቸው ናቸው። ከትምህርት በኋላ ጠብቄ፣ «ባል ሚስቱን በሐሰት ወረቀት ሲያስወጣት አቤቱታው እንዴት ይጻፋል?» አልኳቸው።

«እንዲህ ያለው መጽሐፉ ውስጥ የለም» አሉኝ። ሄዱ ስል ተመለሱ። «የማን ጉዳይ ነው?»

ነገርኳቸው። ወረቀቱን ይዤ እንደነበርም ጭምር።

«ስሚ። ማን እንደሆነች፣ የት እንደምትኖር፣ ምን እንደተደረገ፣ ምን እንደምትፈልግ። አራት ነገር ነው። ባሏን አትሳደቢ። አታልቅሺ፤ ዳኛ እንባ አያነብም። የሆነውን እንደሆነው በተራ ጻፊ።»

አክስቴ በኦሮምኛ ትነግረኛለች፤ እኔ በአማርኛ እጽፋለሁ። ችግሩ አክስቴ በተራ የምትናገር ሰው አለመሆኗ ነው። ስለ ቤቱ ስጠይቃት ስለ ምሰሶው እንጨት ትጀምርና ያን እንጨት ከእንጦጦ ጫፍ ያወረደችበትን ቀን፣ መንገድ ላይ የያዛትን ዝናብ፣ ያስጠለለቻትን ሴትዮ፣ የሴትዮዋን በሽታ ትነግረኛለች። ስለ ባሕር ዛፉ ስጠይቃት፣ ችግኙን ውሃ ስታጠጣ በእንስራ ከምንጭ እየተመላለሰች የጀርባዋ ቆዳ እንደተላጠ አወራችልኝ። ጀርባዋን ገልጣም አሳየችኝ። መጀመሪያ የጻፍኩት ስድስት ገጽ ሆነ። መምህሩ አይተው አራት ገጽ ላይ ሰረዝ አሰመሩበት። እንስራዋን ግን አልነኳትም። በአራተኛው ጊዜ ገጽ ተኩል ሆኖ ተጠናቀቀ። ወረቀቱ በሽማግሌ ፊት ሲነበብ ምን እንደተባለና የተጻፈው ግን ምን እንደሚል ጎን ለጎን አስቀምጬ ነበር።

አልቆ ሳነብላት፣ «ጣት አላስነካም» አለች።

«እና ምን ታደርጊያለሽ?»

«ስሜን እጽፋለሁ። አስተምሪኝ።»

ስሟ አራት ፊደል ነው። መጀመሪያ በአመድ ላይ በእንጨት፣ ቀጥሎ በከሰል በሳንቃ ላይ፣ ከዚያ በእርሳሴ ደብተሬ ላይ ጻፈች። ሦስተኛው ፊደል እግሩ ወደ የት እንደሚታጠፍ እየጠፋት ተቸገረች። እናቴ ወጥ እያማሰለች ከጎን ታይ ነበር። አንድ ቀን ፊደሉን ከአክስቴ ቀድማ በማማሰያው አመድ ላይ ጻፈችውና ደንግጣ አጠፋችው።

በስምንተኛው ቀን አክስቴ አቤቱታው ግርጌ ላይ ፈረመች። ፊደሎቹ እንደ እንቁላል ትልልቅ ነበሩ። መዝገብ ቤት ስንሰጥ ግን ጸሐፊው ባልየው አስቀድሞ ያስመዘገበውን የዚያን ወረቀት ቅጂ አውጥቶ አስተያየ።

«እዚያ ጣት ነው፤ እዚህ ፊርማ ነው። አንድ ሰው መሆንሽን በምን ልወቅ? ጣትም ጨምሪ።»

አክስቴ ተከራከረች። ሰውየው ወረቀቱን ወደ እኛ ገፋው። ከስሟ አጠገብ ጣቷን አሳረፈች፤ ከዚያም እስከ ቤታችን ድረስ ጣቷን በነጠላዋ ጫፍ ስትፈትግ መጣች።

ነገሩ በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ እየተሰጠው ክረምቱን ተሻገረ። ዳኛው በታመሙ ጊዜ፣ ባልየው ባልቀረበ ጊዜ፣ መዝገቡ አልተገኘም በተባለ ጊዜ ተመለስን። የባልየው ሰርግ በዚሁ መሀል ተደረገ፤ ከበሮው እኛ ቤት ድረስ ይሰማ ነበር። አባቴ ተዪው ማለት ጀምሮ ነበር። እሷ አልተወችም።

በመጨረሻ የተሰየሙት ዳኛ መነሻ ላይ፣ «ይህን አቤቱታ ማን ጻፈልሽ?» ብለው ጠየቋት።

«የወንድሜ ልጅ ነው የጻፈው።» አክስቴ አማርኛዋ ላይ ወንድና ሴቱን አንዳንዴ ትቀላቅል ነበር።

«የታለ ልጁ?»

ወደ ፊት ራመድ አልኩ። ዳኛው ከኋላዬ የሚመጣ ወንድ ልጅ እስኪታይ ጠበቁ። ማንም አልመጣም።

«ይቺ ናት ጌታዬ» አለች አክስቴ።

«ስንተኛ ክፍል ነሽ?»

«ሰባተኛ ገብቻለሁ።»

«‹አሻራ›ን በዓይኑ ‹ዐ› ጽፈሽዋል። በአልፋው ነው» አሉኝና ወደ ጉዳዩ ገቡ።

ያነበቡት ሽማግሌ ምስክር ሆነው ተጠሩ። ወረቀቱን ያነበቡት እሳቸው መሆናቸውን አመኑ።

«እንግዲያው አሁንም ያንብቡልን» አሉ ዳኛው፤ ወረቀቱም ተሰጣቸው።

ሽማግሌው መነጽራቸውን አደረጉ። ጉሮሯቸውን ጠራርገው፣ ያኔ በግቢው እንዳሉት አንድ ቃል ሳያጓድሉ፣ ባልና ሚስት የቆየውን ቅሬታ ትተው ብለው እስከ መጨረሻው ወረዱት። ዳኛው ወረቀቱን ተቀብለው ለችሎቱ ጸሐፊ ሰጡት። ጸሐፊው ሲያነበው ሌላ ነገር ሆነ። ሰው አጉረመረመ።

«አባት፣ ‹ቅሬታ› የሚለውን ቃል በጣትዎ ያሳዩኝ» አሏቸው ዳኛው።

ሽማግሌው ወረቀቱን አዩ፤ ገለበጡት፤ መልሰው አቀኑት። «ዓይኔ ደክሟል ጌታዬ» አሉ።

ችሎቱ ሳቀ። አክስቴ አልሳቀችም። እኔ መሬት መሬት አየሁ። እኒያ ሰው ያን ያህል ዓመት በሰፈሩ እርቅና ውል ሁሉ እየተጠሩ ሲያነቡ ኖረዋል። እኔም እሳቸውን ፈርቼ ነበር ዝም ያልኩት።

ዳኛው ወረቀቱን ሻሩት። በጋራ ያፈሩትን ሀብት ገለልተኛ ሽማግሌዎች እንዲያካፍሏቸው አዘዙ። አክስቴ የፈለገችው ሁሉ አልሆነላትም። መሬቱ የባልየው የአባቱ ነው ተብሎ ትልቁ ቤት ለእሱ ሆነ። ለእሷ ከባሕር ዛፉ እኩሌታው፣ ከቤቱ ደግሞ ከጓሮ ያለው ማድ ቤት ደረሳት። በመካከል አጥር ተደረገ። አባቴ እኛው ዘንድ እንድትቀመጥ ለመናት።

«ሌላ ቤት አልፈልግም» አለችው። «የደረሰኝ ማድ ቤት ነው፤ እገባበታለሁ።»

ገባችበት። በዓመቱ አንድ ክፍል ቀጠለችበት፤ ጭቃውን እኔና እናቴ አቦካን።

አንድ ቀን እኒያ ሽማግሌ በአጥሩ በኩል መጡ። እኔም እዚያው ነበርኩ። አልገባም ብለው ከደጅ ቆሙ።

«ማንበብ አልችልም፣ ልጄ» አሏት። «በጌታዬ ቤት ደብዳቤ አድራሽ ነበርኩ። ሰው ዘወትር ወረቀት ይዤ ሲያየኝ የተማረ ነው አለ፤ እኔም አይደለሁም አላልኩም። ባልሽ እንዲህ ይላል ብሎ የነገረኝን በቃሌ ይዤ ነው ያልኩት። ሌላ ነገር እንዳለበት አላወቅኩም።»

አክስቴ ወንበር አወጣችላቸው። «እርስዎ የማያውቁትን አነበቡ፤ እኔም የማላውቀውን ፈረምኩ። ይቀመጡ» አለቻቸው። ተቀመጡ። ከዚያ በኋላ ለውል ሲጠሯቸው፣ የሚያነብ ሰው አምጡ ይሉ እንደነበር ሰምቻለሁ።

የፍርድ ቤቱ ወሬ በሰፈሩ ተዳረሰ። ሴቶች ወረቀት ይዘው ወደ አክስቴ ቤት መምጣት ጀመሩ። ከወታደር ልጅ የመጣ ደብዳቤ፣ የግብር ደረሰኝ፣ ከሐኪም ቤት የተሰጠ ካርድ ይዘው ይመጣሉ። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አነብላቸዋለሁ። አንዲቱ፣ የባሏን ደብዳቤ ልታስነብብ መጥታ፣ ሌላ ከተማ ሌላ ቤት እንዳለው ከእኔ አፍ ሰማች። ደብዳቤውን አጣጥፋ፣ «የመጨረሻውን ደግመሽ አንብቢልኝ» አለችኝ። ደገምኩላት። ሁለተኛ አልመጣችም። ብዙ ቅዳሜ፣ ባላነብላት ይሻል ነበር ይሆን እያልኩ አስቤያለሁ። መልሱን እስካሁን አላውቀውም።

ከቅዳሜዎቹ አንዱ ላይ አክስቴ፣ «ለምን እያነበብሽላቸው ትኖሪያለሽ? አስተምሪያቸው እንጂ» አለችኝ። እንዲያ ተጀመረ። አምስት ሴቶች ነበሩ፤ አንዷ እናቴ ናት። ሰሌዳው የአሮጌ በር ሳንቃ ነበር። አንዲቱን ባሏ ደብተሯን ቀዶ አስቀራት። አንዲቱ ደግሞ ስሟን መጻፍ ከቻለች በኋላ ይበቃኛል ብላ ቀረች። አባቴ ስለዚህ ሁሉ አንድም ቀን አስተያየት አልሰጠም። ነገር ግን ታናሽ እህቴ ሰባት ዓመት ሲሞላት ማንም ሳይጠይቀው እጇን ይዞ ትምህርት ቤት ወሰዳት።

እኔ የስምንተኛ ክፍል ፈተና አልፌ ለመምህርነት ሠለጠንኩ። ሃምሳዎቹ ከተጋመሱ በኋላ እዚያው ከሰፈራችን ብዙ ሳልርቅ አስተማሪ ሆኜ ተመደብኩ። ቅዳሜ ግን ከአክስቴ ቤት አልቀረሁም።

በአንዱ ቅዳሜ አዲሲቱ ሚስት ከአጥሩ ማዶ ቆማ አየኋት። ያኔ ስትዳር ከእኔ በሁለት ዓመት ብትበልጥ ነው። በእነዚያ ዓመታት ሁሉ ከአክስቴ ጋር ቃል ተለዋውጠው አያውቁም። እኔም ሰላም ብያት አላውቅም። እንጨት የምትለቅም መስላ በአጥሩ ክፍተት ወደ ሰሌዳው ታያለች። በሚቀጥለው ቅዳሜም መጣች። ሦስተኛው ላይ አክስቴ ተነሣች። ልታባርራት ነው ብዬ ነበር።

«አንቺ፣ ከዚያ ቆመሽ ፊደሉ ይታይሻል?» አለቻት።

«ትልልቁ ይታየኛል» አለች ልጅቷ ፈራ ተባ እያለች።

«ትንንሹስ?»

«አይታየኝም።»

«እንግዲያው ዞረሽ ግቢ። አጥሩን ግን እንዳታፈርሺብኝ።»

ዞራ ገባች። እናቴ ተጠግታ ቦታ ለቀቀችላት። ባሏ ያውቅ እንደሆነ አልጠየቅናትም። ቶሎ የሚገባት ልጅ ነበረች፤ በሦስት ወር እናቴን ቀደመቻት። ከዚያ ሆዷ ገፋና ክረምቱን ሙሉ ቀረች። በመስከረም፣ ጭቃው ሳይደርቅ፣ ሕፃኗን አዝላ ተመለሰች። ሴት ልጅ ነበረች የወለደችው። አክስቴ ሕፃኗን ከእናቷ ጀርባ ፈትታ ተቀበለችና፣ «ትምህርቱን የት ነበር ያቆምሽው?» ብላ እናትየዋን ጠየቀቻት።